ተጨማሪ መረጃ፦ ባስቶ ቀዝቅዞ ቢበላስ?
በጅግጅጋ «ባስቶ» የሚባለው ፓስታ ጣሊያን በደቡብ ሶማሊያ ቅኝ ግዛቷ ካስለመደችው ምግብ የተወረሰ ነው። ትኩሱን፣ ብዙ ጊዜም ከሙዝ ጋር ይበላል። ጃፓኖች ግን በሐምሌና በነሐሴ ወበቅ ሶመን የተባለውን ቀጭን የስንዴ ኑድል ቀቅለው በቀዝቃዛ ውሃ አሽተው ያጥቡታል። እጥበቱ ለማቀዝቀዝ ብቻ አይደለም፤ ላዩ ላይ የቀረውን ስታርች ስለሚያስወግድ ክሩ እርስ በርሱ አይጣበቅም። ይህ ስልት የስንዴ እንጂ የጃፓን ብቻ ስላልሆነ ለባስቶም ይሠራል፤ ሎሚ፣ የሰሊጥ ዘይት፣ ኪያርና ቃሪያ ከተገኘ ሰላጣው ሞላ ማለት ነው።

ጅግጅጋ 1,600 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ስላለች ያን ያህል አትሞቅም የሚል ይኖራል። እውነት ነው፤ በድሬዳዋ አቅራቢያ ወዳለችው ሽንሌ ቆላ ሲወረድ ግን ክርክሩ ይላላል። ከባዱ ተቃውሞ «ቀዝቃዛ ምግብ ሆድ ያውካል» የሚለው ነው፤ ይህን በቀላሉ ማለፍ አይቻልም። ባሲለስ ሴሬየስ የተባለው ባክቴሪያ ስፖሩ መፍላትን ተቋቁሞ ለብ ባለ ፓስታ ውስጥ ይራባል፤ ሎሚ መጭመቅም ዋስትና አይሆንም። ጥፋቱ ግን የቅዝቃዜው ሳይሆን የመዘግየቱ ነው፤ ማጠቢያው ውሃ ፈልቶ የቀዘቀዘ ይሁን፣ ፍሪጅ በሌለበት ቤት ደግሞ ሰላጣው እንደተሠራ ይበላ፤ ለእራት አይቆይ።