አማትና ምራትን ያኳረፈ ሽንት ቤት!

እናንተዬ፣ ትዳር የሚታመሰው በቅናትና በገንዘብ ብቻ እንዳይመስላችሁ! ሰሞኑን ከወደ ሰመራ የደረሰኝ ጉድ ሌላ ነው። ከአዲስ አበባ ለሥራ የወረዱ አዲስ ሙሽሮች ናቸው። የባል እናት ልጃቸውን ሊጠይቁ መጡ፣ ሽንት ቤት ገቡ፣ ሲወጡ ፊታቸው ጠቁሯል። «ልጄን እንዲህ ዓይነት ቤት ውስጥ ነው የምታኖሪው?» አሏት። ሸክላው ላይ ቀለበት ሠርቶ የተጋገረውን ቢጫ ነገር አይተው ነው። ልጅቷ ግን በሳሙናና በበረኪና ስትፈትግ ነው የከረመችው። «ክንዴ ዛለ፤ ባሌም ለእናቱ አደላ። ምን ላድርግ?» ትላለች።

እህቴ፣ ያ እኮ ቆሻሻ አይደለም፤ ድንጋይ ነው!

በ1961 ዓ.ም. የመሬት መንቀጥቀጥ ያፈራረሳትን ሰርዶን ታውቂያት ይሆናል። ወደ አፍዴራ የሚወስደው መንገድ የሚገነጠለው እዚያ ነው። አፍዴራ ላይ የሐይቁን ውሃ ገንዳ ውስጥ ዘርግተው ለፀሐይ ይሰጡታል፤ ውሃው ይተናል፣ ጨው ይቀራል። ያንቺም ሽንት ቤት ትንሿ አፍዴራ በያት። በአፋር ቆላ በብዙ ቦታ የጉድጓድ ውሃ ማዕድን ይበዛበታል፤ ሙቀቱ ውሃውን ሲያተነው ካልሲየምና ማግኒዥየሙ ሸክላው ላይ ይጋገራል። ማንቆርቆሪያ ውስጥ የሚለጠፈው ነጭ ነገርም ወንድሙ ነው። ልዩነቱ፣ ጨው ተመልሶ በውሃ ይሟሟል፤ ይሄኛው ግን ኮምጣጣ ካላገኘ ንቅንቅ አይልም። በረኪና ቀለሙን ቢያነጣው እንጂ ድንጋዩን አያሟሟውም።

ታዲያ ምን ይሻላል? መጀመሪያ የበረኪናው ርዝራዥ እንዳይቀር በውሃ ደጋግማችሁ ልቀቁበት። ማታ ላይ ቧንቧውን ዝጉና ሸክላው ውስጥ የቀረውን ውሃ በጣሳ ቀድታችሁ አውጡ፤ አለበለዚያ አቼቶው ይቀጥናል። ከዚያ አንድ ሊትር አቼቶ ድፉበት። ከፍ ብሎ ለተጋገረው ጨርቅ በአቼቶ ነክራችሁ ለጥፉበት። አረፋ ካወጣ ደስ ይበላችሁ፣ ድንጋዩ እየተበላ ነው። ጠዋት በብሩሽ ፈትጉ። ካልለቀቀ ሁለት ሦስት ሌሊት ድገሙት። ለቀረችው፣ እግር የምንፈትግበትን ቀላል የእሳተ ገሞራ ድንጋይ አርጥባችሁ በቀስታ እሹበት፤ ደረቁን ከሆነ ሸክላውን ይጭረዋል። ከዚያ በኋላ በሳምንት አንዴ አንድ ብርጭቆ አቼቶ ይበቃል።

አደራ! አቼቶም ሆነ ሌላ አሲድ ከበረኪና ጋር እንዳይገናኝ። ሲቀላቀሉ የሚወጣው ክሎሪን ጋዝ ነው፤ በ1907 ዓ.ም. ጀርመኖች ኢፕር ላይ በወታደሮች ላይ የለቀቁት ያው ክሎሪን ነው። ጠባብ ሽንት ቤት ውስጥ ሳንባ ያቃጥላል። ድንገት ከተቀላቀለባችሁ በሩን ከፍታችሁ ወደ ውጭ ሩጡ። «የባትሪ አሲድ ድፊበት» የሚላችሁንም አትስሙ፤ ቆዳና ዓይን ያጠፋል።

እርስዎም እማማ፣ ጥፋቱ የውሃው እንጂ የምራትዎ አይደለም። አንተም ወንድሜ፣ ለእናትህ ከምታደላ ዛሬ ማታ አቼቶውን ገዝተህ ግባ፤ ጠዋት ብሩሹን አንተ ያዝ። ሳምንት ሰው ይበለን!