«ካርዱ እስከ መቼ ነው የሚሠራው?»

ጀርመን አገር ለስደተኞች የሕግ ምክር በምሰጥበት ቢሮ ዩክሬናውያን የሚያነሡት ጥያቄ ከዓመት ዓመት ሲለወጥ አይቻለሁ። ጦርነቱ በጀመረ ሰሞን «የት ልመዝገብ?» ይሉ ነበር። አሁን የሁሉም ጭንቀት የመኖሪያ ካርዱ እስከ መቼ እንደሚሠራ ነው።

በቅርቡ ከካርኪቭ የመጣች አንዲት የሂሳብ ሠራተኛ ልጇን ይዛ መጣች። ልጅቷ የነርስነት ሥልጠና ተፈቅዶላታል፤ የሦስት ዓመት ውል ነው። ካርዷ ላይ የታተመው ቀን ግን ካለፈ ቆይቷል። በሕግ ረገድ ችግር የለበትም፤ መንግሥት የሁሉንም ፈቃድ በአንድ ደንብ በጅምላ ስለሚያራዝም አዲስ ካርድ አያትምም። ቀጣሪው ግን የሚያየው ጊዜው ያለፈበት ካርድ ነው። የደንቡን ቅጂ አያይዤ ደብዳቤ ጻፍኩ፤ ተቀበሉት። ወዲያው ግን «ከዚያስ በኋላ?» ሲሉ ጠየቁ። ጥያቄያቸው ክፋት የለበትም፤ ሦስት ዓመት የሚያሠለጥኑት ሰው ሦስት ዓመት እንደሚቆይ ማወቅ ይፈልጋሉ። አከራይም ባንክም የሚጠይቁት ይህንኑ ነው።

የዩክሬናውያኑ ካርድ የሚሰጥበት ጊዜያዊ ጥበቃ የተወለደው ከዩጎዝላቪያ ጦርነቶች ነው። ከቦስኒያና ከኮሶቮ የተሰደደውን ሕዝብ ያየው የአውሮፓ ኅብረት እ.ኤ.አ. በ2001 የጊዜያዊ ጥበቃ መመሪያ አወጣ። መመሪያው ከሃያ ዓመት በላይ ሥራ ላይ ሳይውል ተቀመጠ፤ በ2015 ሶርያውያን በብዛት ሲገቡ እንኳ አልተነካም። ሩሲያ በፌብሩዋሪ 2022 ዩክሬንን በወረረች በስምንተኛው ቀን፣ ማርች 4፣ ኅብረቱ ለመጀመሪያ ጊዜ ሥራ ላይ አዋለው። ለዩክሬናውያን ቃለ መጠይቅ ሳይደረግ የመኖሪያ ፈቃድ፣ የመሥራት መብት፣ ሕክምና፣ ለልጆች ትምህርት ቤት ተሰጠ። የሚጠለሉበትንም አገር ራሳቸው መረጡ። ከአራት ሚሊዮን በላይ ሰዎች በዚህ ተጠልለዋል።

እኔ አብዛኛውን ጊዜ የማገለግለው የአገሬን ልጆችና ኤርትራውያንን ነው። እነሱ ሲመጡ መጀመሪያ የምንጠይቃቸው «አሻራ የት ሰጣችሁ?» ብለን ነው፤ ጣልያን ከሰጡ፣ ጉዳያቸውን መጀመሪያ የገቡበት አገር እንዲያይ የሚያዘው የደብሊን ደንብ አለባቸው። ከዚያ ቃለ መጠይቅ፣ ከዚያ ሃይም በሚባለው የስደተኞች መጠለያ ተቀምጦ መጠበቅ፣ ከዚያ ይግባኝ። ይህን የማነሣው ዩክሬናውያን ላገኙት ነገር ቅር ብሎኝ አይደለም። ይገባቸዋል። የመጠበቂያው ጊዜ ሲቀር ሰው ምን ያህል ቶሎ በእግሩ እንደሚቆም ያየሁት በእነሱ ነው፤ እናት ሥራ ትይዛለች፣ ልጅ ቋንቋ ይለምዳል። ከዚያው ጦርነት የሸሹ አፍሪካውያን ተማሪዎች ግን በዩክሬን የነበራቸው ፈቃድ ጊዜያዊ ስለነበር፣ ይህ ጥበቃ ይሰጣቸው ወይስ አይሰጣቸው የሚለው ለየአገሩ ተተወ። ቦምቡ የተማሪ ፈቃድና ፓስፖርት አልለየም ነበር።

ችግሩ ጥበቃው በቁርጥራጭ መራዘሙ ነው። እስከ 2024፣ ከዚያ እስከ 2025፣ ከዚያ እስከ 2026፣ አሁን ደግሞ እስከ ማርች 4 ቀን 2027። ስለዚህ ብዙዎች «ጥገኝነት ልጠይቅ?» ይሉኛል። መብቱ አልተነካባቸውም። ነገር ግን የ1951ዱ የስደተኞች ስምምነት በዘር፣ በሃይማኖት፣ በዜግነት፣ በፖለቲካ አቋም ወይም በማኅበራዊ ቡድን ምክንያት መሳደድ የሚያሰጋውን ሰው ነው የሚመለከተው፤ ጦርነት መኖሩ ብቻውን አይበቃም። ሌላ ዓይነት ጥበቃ ሊገኝ ቢችልም፣ ውሳኔው ጊዜያዊ ጥበቃው እስኪያበቃ ሊዘገይ ይችላል።

እኔ የምመክረው ቀኑ ሳይደርስ በሥራ ወይም በሙያ ሥልጠና ወደሚገኝ ፈቃድ መቀየር ይቻል እንደሆነ ማጣራት ነው። የአውሮፓ ኅብረት ምክር ቤትም በሴፕቴምበር 2025 አባል አገሮች ይህን መንገድ እንዲከፍቱ አሳስቧል። መንገዱ ግን ለሁሉም እኩል አይደለም። አረጋውያንና ብቻቸውን ሕፃን የሚያሳድጉ እናቶች የሚፈለገውን ደመወዝ ከየት ያመጣሉ? ዩክሬን በ2024 የውትድርና መረጃቸውን ያላደሱ ወንዶች በቆንስላ ፓስፖርት እንዳያገኙ ስታደርግ፣ ፓስፖርታቸው ያለቀባቸው አባቶች ለአዲሱ ፈቃድ ማመልከት ሳይችሉ ቀሩ።

ከዚህ ሥራ የተማርኩት ይህን ነው፤ ለስደተኛ እርግጠኛ ጊዜ ራሱ ጥበቃ ነው። አንዱ ፈቃድ ሳያገኝ ዓመታት ያልፉበታል፣ ሌላው ፈቃድ ይዞ ዓመት በዓመት ይሰጋል፤ ሁለቱም ነገን ማቀድ አይችሉም። ሕግ አውጪዎች በስምንት ቀን ምን ማድረግ እንደሚቻል በ2022 አሳይተዋል። አሁን ደግሞ ሰው ሙያ ተምሮ የሚጨርስበትን፣ የቤት ኪራይ ውል የሚፈርምበትን ያህል ጊዜ ይስጡ፤ ለካርኪቯ ልጅም፣ ሃይም ውስጥ ውሳኔ ለሚጠብቀው ኤርትራዊም።