የሮላን ጋሮስ ቀይ ሜዳ

ባለፈው ሳምንት በስፖርት ክፍለ ጊዜ አንድ የክፍላችን ልጅ ሲሮጥ ጠጠር አንሸራቶት ጉልበቱ ተላጠ። ብዙዎቻችን «ሜዳችን አፈር ስለሆነ ነው፤ ሣር ቢሆን ኖሮ!» አልን። እውነት ጥፋቱ የአፈሩ ነው? እስቲ ይህን ታሪክ አንብቡና ፍረዱ። ዓመቶቹ በሙሉ በእኛ አቆጣጠር ናቸው።

ቴኒስ መሃሉ ላይ መረብ በተዘረጋበት ሜዳ ኳስ በራኬት እየመቱ የሚጫወቱት ጨዋታ ነው። በሸክላ ሜዳ ከሚደረጉት ውድድሮች ትልቁ በየዓመቱ ፓሪስ ውስጥ ይደረጋል። በ1916 ዓ.ም. ራስ ተፈሪ አውሮፓን ሲጎበኙ የጎጃሙ ገዥ ራስ ኃይሉም አብረው ፓሪስ ሄደው ነበር። ያኔ ውድድሩ የፈረንሳይ ክለቦች ተጫዋቾች ብቻ የሚሳተፉበት ነበር። ለውጭ አገር ተጫዋቾች የተከፈተው በ1917 ነው።

በጳጉሜ 1919 ቦሮትራ፣ ብሩኞን፣ ኮሼ እና ላኮስት የሚባሉ አራት ፈረንሳውያን አሜሪካ ሄደው ዴቪስ ካፕ የተባለውን የአገሮች ዋንጫ ወሰዱ። አሜሪካ ዋንጫውን ሰባት ጊዜ በተከታታይ አሸንፋ ነበር። በዚያን ጊዜ ደንብ መሠረት የሚቀጥለው ፍጻሜ ዋንጫው ባለበት አገር ይደረግ ነበር። ፈረንሳይ ግን የሚበቃ ስታዲየም አልነበራትም። ስለዚህ በጥቂት ወራት ተሠርቶ በ1920 ተከፈተ። በዚያው ዓመት በፓሪሱ ውድድር ፍጻሜ ኮሼ ጓደኛውን ላኮስትን አሸነፈ። በሐምሌ ደግሞ አሜሪካኖች ዋንጫቸውን ሊያስመልሱ መጡ። በመጀመሪያው ግጥሚያ ቲልደን የተባለው አሜሪካዊ ላኮስትን ረታ። የቀሩትን አራቱንም ግን ፈረንሳይ አሸንፋ 4 ለ 1 ሆነ። ገበያ ላይ የአዞ ምልክት ያለበት ካኔተራ አይታችኋል? የዚሁ የላኮስት ምልክት ነው፤ ቅጽል ስሙ «አዞ» ነበር።

ስታዲየሙ የተሰየመበት ሮላን ጋሮስ ግን የቴኒስ ተጫዋች አይደለም። በመስከረም 1906 የሜዲትራንያንን ባሕር ያለ ማረፍ በአውሮፕላን የተሻገረ የመጀመሪያው ሰው ነው። አንደኛው የዓለም ጦርነት ሊያልቅ አንድ ወር ያህል ሲቀረው በአየር ላይ ውጊያ ሞተ።

አሁን ወደ ሜዳው እንምጣ። ከላይ የሚታየው ቀይ ነገር የተፈጨ ጡብ ነው። ውፍረቱ ከ1 እስከ 2 ሚሊ ሜትር ብቻ ነው። ከሥሩ የኖራ ድንጋይና ጠጠር በየደረጃው ተነጥፎ ውኃውን ያሰርጋል። ኳሱ ዱቄቱ ላይ ሲያርፍ ፍጥነቱ ይቀንስና ከፍ ብሎ ይነጥራል። ስለዚህ በአንድ ምት መጨረስ ያስቸግራል፤ ትዕግሥትና ጥሩ ትንፋሽ ያስፈልጋል። ተጫዋቾቹም ሆን ብለው እየተንሸራተቱ ኳሱ ላይ ይደርሳሉ። ኳሱ ያረፈበት ቦታ ምልክት ስለሚቀር «ወጥቷል፣ አልወጣም» የሚል ክርክር ሲነሳ ዱካው ይታያል።

ይህ ሁሉ የሚሆነው ግን ሜዳው በየጊዜው ስለሚጠረግና አቧራው እንዳይነሳ ውኃ ስለሚርከፈከፍ ነው። ዝናብ ሲመጣ ይሸፈናል።

እንግዲህ ጓደኞቻችን፣ የልጁን ጉልበት የላጠው ጠጠር እንጂ አፈሩ አይደለም። የሚኒ ሚዲያ ክበባችን ሐሳብ ይህ ነው፦ ከስፖርት ክፍለ ጊዜ በፊት አምስት ደቂቃ ሁላችንም ጠጠር እንልቀም፤ በበጋ ደግሞ በተራ ውኃ እንርጭ። መምህራኖቻችንስ ምን ትላላችሁ?

ጥያቄ፦ ኳስ በሣር ላይና በአፈር ላይ እኩል ይነጥራል? ሞክራችሁ መልሱን ለክበቡ አምጡ። በሚቀጥለው እትም እናወጣዋለን። ደህና ሰንብቱ!