ሲላላ ሌላ፣ ሲጠብቅ ሌላ

«በጉ ይበላል።» ይህችን አጭር ዓረፍተ ነገር ሁለት ጊዜ ጮክ ብላችሁ አንብቧት፤ መጀመሪያ «ይበላል» የሚለውን አላልታችሁ፣ ቀጥሎ «በ»ንም «ላ»ንም አጥብቃችሁ። በመጀመሪያው ንባብ በጉ መስክ ላይ ሣሩን ይግጣል። በሁለተኛው ግን በጉ ራሱ ምግብ ሆኗል። ወረቀቱ ላይ አንዲት ነጥብ እንኳ አልተለወጠችም!

እንግሊዝኛ የሚማሩ ልጆች በተመሳሳይ ቃላት ሲደናገሩ እናውቃለን። «ኳየት» ጸጥ ያለ ማለት ሲሆን «ኳይት» ደግሞ በጣም ማለት ነው፤ የሁለቱም ፊደላት ያው አምስቱ ናቸው፣ የመጨረሻዎቹ ሁለቱ ብቻ ቦታ ተለዋውጠዋል። «ራይት» የሚለው ድምፅም አራት ዓይነት አጻጻፍ አለው፤ ትርጉሙም በየአጻጻፉ ይለያያል። በእኛም ቋንቋ እንዲህ ያለ ነገር ሞልቷል። መለያው ብልሃት ደግሞ በጋይንት የአብነት ትምህርት ቤቶች ዘንድ የቆየ ነው።

ጋይንት በቤተ ክርስቲያን ትምህርት ሁለት ታላላቅ ማስመስከሪያዎች አሏት፤ ለድጓ ቤተልሔም፣ ለዝማሬ መዋሥዕት ዙር አባ። ተማሪው ከስማዳም ይምጣ ከእስቴ፣ ከጎጃምም ይሁን ከሸዋ፣ ሌላ ቦታ የተማረውን እዚህ መጥቶ ያስመሰክራል። የድጓውን መጽሐፍ ገልጣችሁ ብታዩ ከፊደሉ በላይ ጥቃቅን ምልክቶች ተደርድረዋል፤ ይዘት፣ ደረት፣ ጭረት፣ ርክርክ፣ ድፋት፣ ቅናት፣ ሂደት፣ ቁርጥ። ዜማው የት እንደሚያዝ፣ የት እንደሚወርድ፣ የት እንደሚቆረጥ የሚነግሩት እነሱ ናቸው። እኔን የሚያስደንቀኝ ግን ለድምፅ ይህን ያህል የተጨነቀው ጽሕፈት ለሚጠብቅና ለሚላላ ፊደል ምልክት አለማኖሩ ነው። ያ ለጆሮ የተተወ ነው። ልጁ ገና ከንባብ ቤት ጀምሮ መምህሩ ፊት ቁጭ ብሎ እያነበበ፣ ሲስት እየታረመ፣ ጠብቆውንና ላልቶውን ከመምህሩ አፍ ይቀበላል።

ለመሆኑ «ይበላል» ለምን ጠበቀ? ምክንያቱ ግእዙ ላይ ፍንትው ብሎ ይታያል። ግእዝ «ይትበላዕ» ይላል፤ ተደራጊነትን የምታሳየው «ት» በግልጽ ተቀምጣለች። በአማርኛ ግን ይህች «ት» ቀጥላ ያለችው «በ» ውስጥ ገብታ ጠፋችና «በ»ን አጠበቀቻት። ስለዚህ ስትጠራጠሩ ቃሉን ወደ ኃላፊ ጊዜ መልሱት። «በላ» ካላችሁ አላሉት፣ «ተበላ» ካላችሁ አጥብቁት። «ይመታል»፣ «ይሰማል»፣ «ይከፍላል» እና «ይከፈላል»ን በዚሁ ሞክሯቸው፤ የመጨረሻዎቹን ሁለቱን እንኳ ፊደሉ ራሱ ይለያቸዋል።

ስሞች ላይ ሲደርስ መሞከሪያ ደንብ የለም፤ ማወቅ ብቻ ነው። ላልቶ ሲነበብ «ሰፊ» ልብስ የሚሰፋው ሰው ነው፣ ጠብቆ ሲነበብ ጠባብ ያልሆነው። «ዋና» ሲላላ ወንዝ ውስጥ፣ ሲጠብቅ ከሁሉ በላይ። ከሁሉ የምወደው ግን «በገና በገና ደረደረ» የሚለው ነው፤ የፊተኛውን አጥብቃችሁ የኋለኛውን ካላላችሁት በበዓሉ ዕለት መሣሪያው ተመታ ማለት ነው። የሚጠብቀውን ፊደል ከላይ በሁለት ነጥብ የሚያሳይ ምልክት ከ2005 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በዩኒኮድ ውስጥ አለ። ለልጆች ማንበቢያ መጻሕፍት ቢውል እንዴት ደስ ባለኝ!

ሁለተኛው ዓይነት መምታታት የዚህ ተገላቢጦሽ ነው፤ ንባቡ አንድ፣ ፊደሉ ልዩ። «ሀ፣ ሐ፣ ኀ»፣ «ሠ፣ ሰ»፣ «አ፣ ዐ»፣ «ጸ፣ ፀ» ሞክሼ ሆሄያት የምንላቸው ናቸው። ጥንት ለየራሳቸው ድምፅ ነበራቸው። ትግርኛ የሚናገር ወዳጅ ካላችሁ «ሐ»ንና «ዐ»ን ከጉሮሮው ሲያወጣቸው አድምጡት። እዚህ ላይ ጆሮ አይረዳም፤ የሚረዳው ዘመድ መፈለግ ነው። «መምህር» እና «ትምህርት» በ«ሀ» የሚጻፉት «መሀረ»፣ አስተማረ፣ ከሚለው ግስ ስለወጡ ነው። «ምሕረት» ግን የ«መሐረ» ልጅ ነው። ፀሐይ «ሠረቀ»ና «ምሥራቅ» ተባለ፤ ሌባው «ሰረቀ»። «ዓመት» ዘመን ነው፣ «አመት» ግን በግእዝ ሴት አገልጋይ፤ «አመተ ሥላሴ» የሚለው ስም በ«አ» የተጻፈው ለዚህ ነው። የአለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌን መዝገበ ቃላት፣ ደቀ መዝሙራቸው ደስታ ተክለ ወልድ በ1948 ዓ.ም. ያሳተሙትን፣ የገለጠ ሰው እንዲህ ዓይነቱን ዝምድና ሲመዝ ቢውል አይጠግብም።

የሁሉ ቁንጮ ግን «ሳለ» ነው። ሥዕል ሳለ፣ ጉንፋን ይዞት ሳለ፣ ቢላዋ ሳለ። በአማርኛ ሦስቱም በአንድ ድምፅ ይነበባሉ፣ ማጥበቅና ማላላትም አይለያቸውም። ግእዙን ስትጠይቁ ግን ለየብቻቸው ይቆማሉ። ሥዕል የሣለው «ሠዐለ» ነው፣ ያሳለው «ሰዐለ»፣ ቢላዋውን የሳለው «ሰሐለ»፤ በ18ኛው መቶ ዘመን ጎንደርን ያንቀጠቀጡት ራስ ሚካኤል «ስሑል» የተባሉት ከዚሁ ከመጨረሻው ነው፣ የተሳለ ማለት ነው። አራተኛም አለ፤ «ሰአለ»፣ ለመነ። የምንሳለው ስእለት የመጣው ከእሱ ነው። አማርኛ የጉሮሮ ድምፆቹን ስለጣለ አራቱ ግሶች ተጠጋግተው አንድ መሰሉ። «ስለት ይዞ ቤተ ክርስቲያን ገባ» የሚል ዜና ብታነቡ ሰውየው ቃሉን ሊፈጽም ይሁን የሰው ደም ሊያፈስ መለየት አትችሉም። ጸሐፊው «ስእለት» ብሎ ቢጽፈው ግን አንዲቷ «እ» ነገሩን ትጨርሰዋለች።