ተጨማሪ መረጃ፦ ፍሎራይድና የልጆች አእምሮ
በላንጋኖ ሐይቅ አካባቢና በሌላውም የኢትዮጵያ ስምጥ ሸለቆ የብዙ ልጆች ጥርስ የሚበልዘው የእሳተ ገሞራ ዓለት ወደ ከርሰ ምድር ውሃ በሚለቀው ፍሎራይድ ነው። ጉዳቱ ግን በጥርስ ላይ ላያበቃ ይችላል። እ.ኤ.አ. በ2023 የታተመ ጥናት በሸለቆው የገጠር መንደሮች የሚኖሩ 74 ልጆችን ሰው፣ ቤትና አህያ አሥሏል፤ በኮምፒውተርም የማስታወስ ችሎታቸውን ፈትኗል። በሚጠጡት ውሃ ፍሎራይዱ ሲጨምር ከሥዕሉ የሚጎድለው ነገርም፣ የፈተናው ስሕተትም በዛ። በአንዳንድ ጉድጓዶች መጠኑ በሊትር ከ15 ሚሊግራም አልፎ ነበር፤ የዓለም ጤና ድርጅት ጣሪያ 1.5 ነው። ጥናቱ አነስተኛ ነው፤ መንስኤነትንም አላረጋገጠም። ቢሆንም ተማሪን ሰነፍ ከማለት በፊት የሚጠጣውን ውሃ መጠየቅ ተገቢ ነው። ማፍላት ፍሎራይድን አያስወግድም፤ የአጥንት ከሰል ማጣሪያ ግን ይቀንሰዋል።