ከዓሣ ጀልባ እስከ ቴሌቪዥን መድረክ



በአመሻሹ በአቦከር መንደሮች ያለፍን ጊዜ የወተት ቆርቆሮ በሲሚንቶ ሞልተው፣ በብረት ዘንግ ገጥመው ክብደት የሚያነሱ ወጣቶች አየን። የአንደኛው እናት «ልጄ የቤቱን እንቁላል ጨረሰው፤ ያንን ግብፃዊ ልምሰል ብሎ ነው» ሲሉ እየሳቁ አጫወቱን። ሳቃቸው ግን ከስጋት የጸዳ አልነበረም።

ግብፃዊው በቴሌቪዥን የሚታየው መምዱሕ አስ-ሱበይዒ፣ በቅጽል ስሙ «ቢግ ራሚ» ነው። እ.ኤ.አ. በ1984 በሰሜን ግብፅ፣ በከፍር አሽ-ሸይኽ ተወለደ። በዓሣ ማጥመድ ሥራ አድጎ እንጀራ ፍለጋ ወደ ኩዌት አቀና፤ ሰውነት የማጎልበት ስፖርትን አጥብቆ የያዘውም እዚያው ነው። በ2012 የአማተሮችን ኦሊምፒያ አሸነፈ። በዓመቱ ደግሞ በመጀመሪያው የፕሮፌሽናል ውድድሩ ኒው ዮርክ ላይ አንደኛ ወጣ።

ከዚያ በኋላ ግን መንገዱ ረዘመ። ከ1965 ጀምሮ በሚካሄደው «ሚስተር ኦሊምፒያ» በ2013 ስምንተኛ፣ ቀጥሎ ሰባተኛ፣ አምስተኛ፣ አራተኛ፣ በ2017 ሁለተኛ ሆነ። ደረስኩ ሲል በ2018 ወደ ስድስተኛ ወረደ። ያሸነፈው በ2020፣ በሰባተኛ ሙከራው ነው፤ ሽልማቱም 400,000 ዶላር ነበር። በ2021 ደገመው። በ2022 አምስተኛ ሲወጣ ክብሩ ለኢራናዊው ሃዲ ቹፓን ተላለፈ። ያ ሁሉ ዓመት በቴሌቪዥን ሲታይ የጥቂት ደቂቃ ትዕይንት ነው፤ ልጆቻችንም የሚያዩት ይህንኑ ነው።

ሌላም የማይታይ ነገር አለ። አልጄሪያ የተወለደው ሙሐመድ በንአዚዛ ስመ ጥር ተወዳዳሪ ነበር። በ1992 በሆላንድ ከተደረገ ውድድር በኋላ ብዙም ሳይቆይ ልቡ ቆመ፤ ዕድሜው ገና 33 ነበር። ምክንያቱ ጡንቻው ጎልቶ እንዲታይ ከሰውነቱ ውሃ ለማስወጣት የወሰደው መድኃኒት ነው። ያለ ሐኪም ትእዛዝ የሚወጉት የሆርሞን መርፌም ጡንቻን ሲያፋፋ የልብን ጡንቻ ያወፍራል፣ ጉበትን ይጎዳል፣ ወንድን ልጅ እስከ ማሳጣት ያደርሳል። ይህ ለትዳር ላሰበ ወጣት ቀላል ነገር አይደለም።

ስፖርቱን አንነቅፍም። ነብያችን (ሰ.ዐ.ወ) ብርቱውን አማኝ ማወደሳቸውን፣ ሰውነታችንም በእኛ ላይ ሐቅ እንዳለው ማስተማራቸውን እናውቃለን። የሚከብደን የመድረኩ ልብስ ነው። ብዙዎቹ ዑለሞች የወንድ ዐውራ ከእምብርት እስከ ጉልበት መሆኑን ያስተምራሉ፤ ተወዳዳሪዎቹ የሚለብሱት ግን ጭናቸውን እንኳ አይሸፍንም። ብረቱን በሰፊ ቁምጣ ማንሳት የሚከለክለን የለም፤ ለጉልበትም ፉል፣ ምስር፣ ወተትና እንቁላል አለን፤ እናት ከፈቀዱ!

የአቦከር ወጣቶችን ስለ መርፌው ጠየቅናቸው። ሁሉም «ነክተነው አናውቅም» አሉን። አንደኛው ግን ዋጋውን ሳንጠይቀው ነገረን።