ፊውዝና ሪሌ በአሮጌ አውቶሞቢል ውስጥ

ከወላይታ ሶዶ ወደ አርባ ምንጭ ሲጓዙ፤ ወደ ሁምቦ በሚወርደው ቁልቁለት ላይ በሌሊት የመኪና መብራት በድንገት ቢጠፋ አደጋው ለማንም ግልጽ ነው። አንዳንድ ሾፌር በዚህ ጊዜ የተቃጠለውን ፊውዝ በሲጋራ ብርማ ወረቀት ጠቅልሎ ይመልሰዋል። መብራቱ ይበራል፤ ነገር ግን መፍትሔው ከችግሩ የከፋ ነው። ምክንያቱን ከዚህ በታች ለማስረዳት እሞክራለሁ።

ፊውዝ ማለት በቀላሉ የሚቀልጥ ቀጭን ብረት ነው። ተግባሩም አምፖሉን ሳይሆን ሽቦውን ከመቃጠል ማዳን ነው። በአንድ ሽቦ የሚያልፈው ኮረንት እጥፍ ሲሆን ሙቀቱ አራት እጥፍ ይሆናል፤ ስለዚህ አስቀድሞ የሚቀልጥ ነገር ከሌለ የሽቦው ልባስ ይቃጠላል። በቀድሞ ቮልስዋገኖች ነጩ ፊውዝ ለ8፤ ቀዩ ለ16 አምፔር የተሠራ ነው። ቀዩን በነጩ ቦታ መተካትም ያው የብርማው ወረቀት ስሕተት ነው።

ሪሌ ደግሞ በኤሌክትሪክ የሚሠራ ማብሪያ ነው። በ1950ዎቹ (እ.ኤ.አ.) የተሠሩ ቮልስዋገኖች ባትሪያቸው 6 ቮልት ነበር። በእንዲህ ያለ ባትሪ ሁለት ባለ 45 ዋት አምፖሎች ቢበሩ፤ 90 ለ6 ሲካፈል 15 አምፔር ይሆናል። ይህ ሁሉ ኮረንት በክሩስኮቱ ማብሪያ ሲያልፍ መገናኛው እየተቃጠለ መብራቱ ይደክማል። ሪሌ ሲገባ ግን በማብሪያው የሚያልፈው ጥቂት ኮረንት ብቻ ነው፤ ይኸውም ሽቦ የተጠመጠመበትን ብረት ማግኔት ያደርገዋል፤ ማግኔቱም መገናኛውን ስቦ ዋናውን ኮረንት ከባትሪው በአጭር መንገድ ወደ አምፖሉ ያሳልፈዋል።

እንግዲህ ፊውዝ ሲቃጠል በመሥመሩ ላይ ጉድለት መኖሩን ይነግረናል። ሾፌሩ መለዋወጫ ፊውዝ ይያዝ፤ ሁለተኛው ወዲያው ከተቃጠለም ሦስተኛውን ሳያስገባ የተላጠውን ሽቦ ይፈልግ።